የእናቴ ዳረጎት እና የ5,244 ብሩ ወረቀት

ዋናው ጽሑፍ

ሰላም ለሁላችሁም። እናቴ በሰሜን ሸዋ ደጋ ላይ ባለች አንዲት የወረዳ ከተማ የመንግሥት መሥሪያ ቤት የጽዳት ሠራተኛ ነበረች። የተቀጠረችው ኅዳር 2009 ነው። ሐምሌ 2017 ላይ 60 ሞላትና ጡረታ ወጣች። አገልግሎቷ 8 ዓመት ከ8 ወር ብቻ ስለሆነ ወር በወር የሚከፈል አበል አይደርሳትም። ያላት አንድ ጊዜ የሚከፈል ዳረጎት ነው። እሱንም ገና ሳትቀበለው በሐሳቧ ጣሪያ ላይ አውላዋለች። 18 ቆርቆሮ ያስፈልጋታል። ቤታችን ክረምት ሲገባ ያፈስሳል፣ ነሐሴን አልጋዋን ከአንዱ ጥግ ወደ ሌላው ስትጎትት ነው የምታሳልፈው።

ማህደሯ ለጡረታ ሲዘጋጅ ግን ዕዳ ተገኘ ተባለ። በ2012 የሥራ ምዘናው ደመወዝ ሲሠራላት ከሚገባት እርከን አንድ ከፍ ተደርጋ ተጽፋለች። በወር 92 ብር ትርፍ ማለት ነው። ከጥር 2012 እስከ መስከረም 2017 ድረስ 57 ወር፣ በጠቅላላው 5,244 ብር። ከጥቅምት 2017 ጀምሮ አዲሱ የደመወዝ ማሻሻያ ሲመጣ ነገሩ ተስተካክሏል። በዚህ ላይ በስሟ ወጪ የሆነ አንድ የኤሌክትሪክ ውሃ ማፍያ የለም አሉ። አሁን አንድ ወረቀት ሰጥተዋታል። ዕዳው ከዳረጎቴ ተቀንሶ ለመንግሥት ገቢ እንዲሆን ተስማምቻለሁ ይላል። ካልፈረመች ክሊራንስ፣ ማለትም ከመሥሪያ ቤቱ የመልቀቂያ ማረጋገጫ፣ የለም፣ ክሊራንስ ከሌለ ደግሞ ማህደሯ አይላክም። መሥሪያ ቤቱን አልጠራም፣ ሰው ለማሳጣት አልመጣሁም። ጥያቄዬ አንድ ነው። እንዲህ ማድረግ ይችላሉ ወይ?

ከዚህ በታች የመጡትን ምላሾች በቁጥራቸው በራሴ አባባል አስቀምጣለሁ። ክሩ ረዝሞ ማንበብ ያቃታቸው ብዙ ሰዎች በውስጥ መስመር እየጠየቁኝ ነው፣ የእናቴ ዓይነት ጉዳይ ያላቸውም አሉ።

ምላሽ 1። የመጀመሪያው ሰው የመጣው በማጽናናት ነው። የእሱም አባት ጡረታ ሲወጡ ብዙ ወር ተመላልሰዋል፣ መጨረሻው ግን ደህና ሆኗል። የሕግ መልስ አልነበረውም። ሆኖም ከሌሊቱ 6 ሰዓት ላይ ቁጭ ብሎ መጻፉ ልቤን ደገፍ አድርጎልኛል።

ምላሽ 2። ደብረ ብርሃን የምትሠራ የሰው ሀብት ባለሙያ ናት። እህቴ እያለች በትሕትና ነው የጻፈችው። መጀመሪያ ቃላቱን ለየችልን። 60 ዓመት የሞላው ሰው አገልግሎቱ 10 ዓመትና ከዚያ በላይ ከሆነ አበል ያገኛል። መነሻው የመጨረሻዎቹ 3 ዓመታት አማካይ ደመወዝ 30 በመቶ ነው። ከ10 በላይ ላለው ለእያንዳንዱ ዓመት 1.25 በመቶ ይጨመራል፣ ጣሪያው 70 በመቶ ነው። ስለዚህ 34 ዓመት ያገለገለ መምህር 60 በመቶ ይደርሰዋል። እናቴ ግን 1 ዓመት ከ4 ወር ጎድሏታል። ለእሷ የሚደርሳት ዳረጎት ነው፣ በዚያው ያበቃል።

ቀጥላ ያለችው ነገር ከአእምሮዬ አልወጣም። ገንዘቡ ስጦታ እንዳይመስለን አሳሰበች። በየወሩ ከሠራተኛው ደመወዝ 7 በመቶ ተቆርጧል፣ መሥሪያ ቤቱም 11 በመቶ ጨምሮበታል። እኔ ደግሞ ስሙ ራሱ ነው የሚያሳስተን እላለሁ። ዳረጎት ሲባል ቸር ሰው ለድሃ የሚሰጠው ነገር ይመስላል። እናቴም እንደዚያ ነው የምታየው፣ ሰጪውን ላለማስቀየም ትጨነቃለች።

ምላሽ 3። አንድ ሰው በእርግጠኝነት መጣ። ሕጉ ለዕዳ ከሲሶው በላይ እንዳይነካ ነው የሚለው፣ ስለዚህ የዳረጎቷን ሲሶ መውሰድ ይችላሉ፣ እዚያ ላይ ተደራደሪ አለኝ። ሦስት ሰዎች ወደዱለት።

ምላሽ 4። ይኼኛው ምላሽ 3ን አረመ፣ ትንሽ ቆጣ ብሎም ነበር። ሲሶው የደመወዝ ጉዳይ ነው። በመንግሥት ሠራተኞች ሕግ፣ ለምሳሌ በቀድሞው የፌዴራል አዋጅ 1064/2010 ላይ፣ ደመወዝ የሚቆረጠው ሠራተኛው በጽሑፍ ሲስማማ፣ ፍርድ ቤት ሲያዝ ወይም ሕግ ሲፈቅድ ነው፣ ያውም በወር ከሲሶ ሳይበልጥ። ጡረታና ዳረጎት ግን ሌላ አዋጅ አላቸው። በ2003 በወጣው 714 ነበር፣ በ2014 በ1267 ተተክቷል። እዚያ ላይ በሩ በጣም ጠባብ ነው። ዳረጎት ለዕዳ የሚያዘው ፍርድ ቤት ሲያዝ ነው፣ ያውም ለመንግሥት ቅጣት፣ ለግብርና ለመሰል ክፍያ ወይም ለቀለብ። አንድ ቢሮ በራሱ ደብዳቤ ከዳረጎት ልቀንስ ማለት አይችልም። የተስማምቻለሁ ወረቀት ያመጡትም ይህንን ስለሚያውቁ ነው ብሎ ጨረሰ።

ይህን ሳነብ ወዲያው ለእማዬ ደወልኩ። እንዳትፈርሚ አልኳት። ሰዎቹ ክፉ አይደሉም ልጄ፣ ቡና አብረን ነው የምንጠጣው አለችኝ።

ምላሽ 5። እዚህ ላይ ነገሩ መረረ። አንድ ሰው እናትሽ የማይገባትን የሕዝብ ገንዘብ 57 ወር በልታለች፣ አሁን ሕግ ጥቀሱልኝ ማለት ነውር ነው አለ። የመንግሥት ገንዘብ እሳት ነው፣ የያዘ ይቃጠላል። ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል የሚለውንም ተረት አመጣ። ሌባው ሁሉ እንዲህ እያለ ነው አገር የጠፋው ብሎ ዘጋ።

ምላሽ 6። ለምላሽ 5 የተመለሰለት ነው፣ ከአለም ከተማ አካባቢ ካለች ሴት። የጽዳት ሠራተኛ መች ተሾመችና ነው ይኼ ተረት የሚጠቀስባት? እርከኑን የመደበው ማነው? ፔሮሉን የሠራው፣ ያጣራው፣ ያጸደቀውስ? ሦስት ፊርማ ያለበት ወረቀት ላይ ስህተት ሲገኝ ዕዳው አራተኛዋ፣ ማንበብ የማትችለዋ ላይ ይወድቃል? እንዲህ ብላ በቁጣ ነው የጻፈችው። እጇን ብስማት ደስ ይለኝ ነበር።

ምላሽ 7። ይህ የእኔ ነው። ምላሽ 5ን ልሰድበው ጀምሬ አጠፋሁት። በምትኩ የደመወዝ ቀን ምን እንደሚመስል ጻፍኩለት። አንድ ጊዜ ልጠይቃት ሄጄ በዓይኔ አይቻለሁ። ገንዘብ ያዧ በፔሮሉ ላይ ማስመሪያ አጋድማ የእማዬን መስመር ብቻ ለይታ ታሳያታለች። እማዬ አውራ ጣቷን ሐምራዊው ቀለም ላይ ጫን አድርጋ ወረቀቱ ላይ ታሳርፋለች። ከዚያ ጣቷን በነጠላዋ ሳይሆን በመወልወያው ጨርቅ ጫፍ ትጠርጋለች፣ ነጠላው እንዳይበላሽ። ብሩን ሳትቆጥር በመቀነቷ ትቋጥራለች። 92 ብሩ የትኛው እንደሆነ በምን ታውቃለች? ያንን ብር ለይታ የበላችበት አንድም ቀን የለም።

ምላሽ 8። ይህን ምላሽ በደንብ አንብቡት። ቆላው ላይ፣ ከሸዋ ሮቢት ብዙ ሳይርቁ ንብረት ክፍል ሠርተው ጡረታ የወጡ አባት ናቸው። ኅዳር 2014 ጦርነቱ ሲደርስ መሥሪያ ቤታቸው ተሰብሮ ተዘርፏል። ኮምፒውተር፣ ወንበር፣ የመኪና ጎማ፣ የመስኮት መጋረጃ ሳይቀር ሄዷል። ከ2 ዓመት በኋላ ጡረታ ሊወጡ ሲሉ ቆጠራ ተደረገና ጉድለቱ በሙሉ በእሳቸው ስም ተጻፈ። ያዳናቸው ወረቀት ነው። ከከተማው ሲወጡ ልብስ አልያዙም፣ የሞዴል 19 እና የሞዴል 22 ጥራዞችን በፌስታል ጠቅልለው ገጠር ዘመድ ቤት ጎተራ ውስጥ እህል ከላይ አፍስሰውበት ነው የሸሹት። የገባው በ19፣ የወጣው በ22 ይታያል። ሲመለሱም የመጀመሪያ ሥራቸው ኮሚቴ አስቋቁመው የተዘረፈውን በቃለ ጉባኤ ማስፈረም፣ ፖሊስ ዘንድም ማስመዝገብ ነበር። ያም ሆኖ 7 ወር ፈጅቶባቸዋል። አጠገባቸው የነበረ ሌላ ንብረት ክፍል ወረቀቱ ስለተቃጠለበት እስከ ዛሬ ይመላለሳል።

ከዚያ ወደ እኔ ዞሩ። ልጄ ብለው አንድ ጥያቄ ጠየቁኝ። የውሃ ማፍያው ጠፍቶ ነው ወይስ ተቃጥሎ? ከተቃጠለ ሬሳው የት አለ? የተበላሸ ንብረት ተመልሶ ገቢ ይደረጋል፣ በኮሚቴም ይወገዳል፣ የሚጠየቀው የጠፋ ነው አሉኝ።

ምላሽ 9 እስከ 12። እዚህ ክሩ ከመስመር ወጣ። አንዱ ጋሼን የጎተራ ነገር ጠየቃቸው፣ ሌላው ያን ሰሞን ከደብረ ሲና በእግሩ ጣርማበርን እንዴት እንደወጣ መጻፍ ጀመረ፣ ሦስተኛው ጦርነት አታንሱብን ብሎ ለመነ። ጉዳዩን ለማስቀየር ይሁን አላውቅም አንድ አናጢ ስለ ቆርቆሮው ገባ። ለደጋ በረዶና ነፋስ 35 ጌጅ እንዳትገዙ፣ ቁጥሩ በጨመረ ቁጥር ይሳሳል፣ ዋጋው ቢከብድም 32 ይሻላል ይላል። ሚስማሩም ጎማ ያለው ይሁን፣ የሚመታውም ቆርቆሮው ጎብጦ ከፍ ባለበት እንጂ ውሃ በሚወርድበት ቦይ ላይ እንዳይሆን። ከጉዳያችን ውጪ ነው፣ ግን ለእማዬ በስልክ ሳነብላት ከሕጉ ሁሉ ይበልጥ በጥሞና የሰማችው ይህንን ነው። የድሮው ሚስማር ቦዩ ላይ እንደተመታ ያወቀችው ያኔ ነው።

ምላሽ 13። ምላሽ 5 ተመልሶ መጣ። ስድቡን ትቷል፣ አቋሙን ግን አልለቀቀም። ስህተቱ የማንም ይሁን የማን፣ ትርፉ ከእጇ ገብቷል፣ ስለዚህ ይመለስ ነው የሚለው።

ምላሽ 14። የሕግ ሰው የሚመስል፣ ቃሉን የሚመዝን ጸሐፊ ነው። ምላሽ 4ን ደገፈ፣ ለምላሽ 13 ደግሞ በከፊል ሐቅ ሰጠው። እኔን ቅር ብሎኛል፣ ግን መስማት ነበረብኝ። ከዳረጎት መቀነስ አይቻልም ማለት ዕዳ የለም ማለት አይደለም። በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 2164 መክፈል የማይገባውን የከፈለ ሰው አስመልስልኝ ብሎ መጠየቅ ይችላል። ጊዜውም በሌላ ሕግ ካልተወሰነ በቁጥር 1845 መሠረት 10 ዓመት ነው። መሥሪያ ቤቱ ገንዘቡን እፈልጋለሁ ካለ መንገዱ ክስ ነው። ክስ ከተከፈተ እናቴ መልስ ትሰጣለች፣ ስህተቱ የማን እንደነበር ይጣራል፣ ዳኛ ይወስናል። በተስማምቻለሁ ወረቀት የሚቀሟት ያንን ዕድል ነው። ፊርማዋ ካለ ማንም ምንም አይጠይቅም። ከሁሉም ምላሽ ይህ ነው ዓይኔን የገለጠው።

ምላሽ 15። ሕንድ አገር የተማረ ሰው የዚያን አገር ነገር አመጣ። እዚያ ደንቡ ከእኛ ይለያል፣ የመንግሥት ቤት ኪራይ፣ ብድርና በስህተት የተከፈለ ደመወዝ ከተጧሪው ዳረጎት ላይ እንዲቀነስ ይፈቅዳል። ግን በ2014 በፈረንጆቹ ጠቅላይ ፍርድ ቤታቸው የፑንጃብ ክልል ይከራከርበት በነበረ ጉዳይ ገደብ አበጀ። በመሥሪያ ቤቱ ስህተት በትርፍ የተከፈለ ደመወዝ ከዝቅተኛ ደረጃ ሠራተኞች፣ ጡረታ ከወጡ ወይም ሊወጡ አንድ ዓመት ከቀራቸው ሰዎች እንዳይመለስ፣ ክፍያው ከ5 ዓመት በላይ ቆይቶ ከሆነም እንዲሁ። ምክንያታቸው ደግሞ ሰው የበላውን ገንዘብ በእርጅናው መልስ ማለት መንግሥት ከሚያጣው ገንዘብ ይልቅ እሱን የሚጎዳው ይብሳል የሚል ነው።

ምላሽ 16 እና 17። አንዱ እኛ ያለነው ሸዋ ነው፣ የሕንድ ዳኛ ለመንዝ ሰው ምን ይፈይድለታል ብሎ ተቆጣ። ምላሽ 15 ደግሞ ለዳኛ ጥቀሱ አላልኩም፣ ሐሳቡን እዩት ነው ያልኩት ብሎ መለሰ። ሁለቱ ለትንሽ ጊዜ ተጣሉ፣ የድሮ ሕንዳውያን መምህራንም ተነሱ፣ ከዚያ በረደ። እኔ ከምላሽ 15 ጋር ነኝ። 57 ወሩ 5 ዓመት ሊሞላው 3 ወር ነው የቀረው፣ እማዬም ዝቅተኛ ደረጃ ሠራተኛ ናት፣ ጡረታም ወጥታለች። የእኛ ሕግ እንደዚያ ባይልም ነገሩ ያው የሰው ነገር ነው።

ምላሽ 18። የሰው ሀብቷ ባለሙያ ተመለሰች። በቢሮ በኩል ያለውን ጭንቀት ሳትደብቅ ነገረችን። ኦዲተር ሲመጣ ትርፍ ክፍያውን ግኝት ብሎ ይጽፋል። ግኝቱ ካልተመለሰ ተሰብሳቢ ሆኖ በየዓመቱ ይነሳል፣ ኃላፊው ይጠየቃል። ተጧሪው ከሄደ በኋላ ማን ይከሳል? 5,244 ብር ለማስመለስ ዐቃቤ ሕግ ማመላለስ ለማንም አይመችም። ስለዚህ ክሊራንሱን ይይዙታል፣ ሰው ሲቸገር ይፈርማል። ትክክል ነው አላለችም፣ እሷም አንዳንዴ እንዲህ ሲደረግ አይታ ዝም ማለቷን ጽፋለች። ይህን መጻፍ ቀላል አይደለም፣ አክብሬያታለሁ።

ምክሯ ይህ ነው። በቃል ምንም አትከራከሩ። ክሊራንስ የተከለከለበት ምክንያት በጽሑፍ ይሰጠኝ ብላችሁ ማመልከቻ አስገቡ። ለቅሬታ ሰሚ ኮሚቴው ግልባጭ አድርጉ። መዝገብ ቤት ስታስገቡ በእጃችሁ በሚቀረው ቅጂ ላይ ቁጥርና ማኅተም አስመቱ፣ ያለዚያ አልደረሰንም ይባላል። የንብረቱንና የደመወዙን ነገር ለያዩ፣ ክሊራንስ መጀመሪያውኑ በእጅ ያለን ንብረት ስለማስረከብ ነው። እምቢ ካሉ ወደ አስተዳደር ፍርድ ቤት ነው። ዳረጎቱን የሚከፍለው የጡረታ መሥሪያ ቤት ራሱ በውሳኔ ከቀነሰ ደግሞ የማኅበራዊ ዋስትና ይግባኝ ሰሚ ጉባኤ አለ።

ምላሽ 19 እስከ 22። ከዚህ ወዲያ ያልጠበቅኩት መጣ። አንዱ 5,244 ብሩን እናዋጣ አለ። ሌላው የመጀመሪያውን 500 እሰጣለሁ አለ። ምላሽ 5 ራሱ፣ ያ ያሳረረን ሰው፣ 1,000 ብር አለኝ ብሎ ጻፈ። ገንዘቡ ለመንግሥት መመለሱ እንጂ ከማን ኪስ መውጣቱ አያስጨንቀኝም አለ። ስለ እሱ ያሰብኩት ሁሉ ትክክል እንዳልነበረ ገባኝ። የአለም ከተማዋ ሴት ግን አዋጥቶ መክፈል ለሌሎቹ ተጧሪዎች ጉድጓድ መቆፈር ነው ብላ ተቃወመች።

ለእማዬ ነገርኳት። ቶሎ አልመለሰችም። ከዚያ እግዜር ይስጣቸው በያቸው፣ ግን አልቀበልም አለች። ለቀብሬ ዕድር አለኝ፣ ለዕዳዬ የማላውቀው ሰው አይክፈልልኝ። ካለብኝ ዳኛ ይበለኝ፣ እከፍላለሁ።

ምላሽ 23። የእኔ ነው፣ ለአሁኑ የመጨረሻው። ማክሰኞ ሄድኩ። የቆላው አባት ያሉትን ስጠይቃት እማዬ ከአልጋዋ ሥር ጎንበስ ብላ አንድ የስኳር ከረጢት ጎተተች። የውሃ ማፍያው እዚያ ውስጥ ነበር። ሥሩ ጠቁሯል፣ እጀታው ቀልጦ ወደ ጎን ተንጋድዷል፣ የንብረት ቁጥሩ ግን በነጭ ቀለም ሆዱ ላይ እንደተጻፈ አለ። መብራት ሄዶ ሲመለስ ነው የተቃጠለው፣ 2 ዓመት አልፎታል። የመንግሥት ዕቃ እንዴት ይጣላል ብላ ነው ያስቀመጠችው። የለም ሲሏት ለምን አለ አላልሽም አልኳት። የተቃጠለ ዕቃ ይዤ ብቀርብ አቃጠልሽ ይሉኛል ብላ ፈርታ ነበር።

ይዘነው ሄድን። ንብረት ክፍሉ ቁጥሩን ከካርዱ ጋር አስተያየ፣ ብልሽት ብሎ ገቢ አደረገው፣ የገቢውን ደረሰኝ ሰጣት። የተስማምቻለሁን ወረቀት ሳትፈርም በትሕትና መለሰች። ማመልከቻዋን መዝገብ ቤት አስገባን፣ የእኛን ቅጂም አስመታን። እማዬ ማኅተሙ እስኪደርቅ ወረቀቱን በሁለት እጇ ዘርግታ ይዛ ኮሪደሩ ላይ ቆመች። መልስ በሳምንት ውስጥ ብለውናል። ምንም ቢሉን እዚሁ እጽፋለሁ።